ኤዲተር ሆኜ የመጀመሪያ ፊልሜን ለምን ለሌላ ኤዲተር ሰጠሁ

ፓሪስ ውስጥ ዘጠኝ አመት ሙሉ የሰው ፊልም ስቆርጥ ስቀጥል ነው የኖርኩት፣ አብዛኛው የቲቪ ዶክመንተሪ ነው፣ ከዛ የራሴን ልስራ ብዬ ተነሳሁ። እንዴት አድርገህ ነው ከኤዲቲንግ ወደ ዳይሬክቲንግ የገባኸው እያላችሁ የምትጠይቁኝ፣ በተለይ አዲስ አበባ ኤዲቲንግ ላይ ሆናችሁ ዳይሬክት ማድረግ የምትመኙ ልጆች፣ የሆነውን እንዳለ ልንገራችሁ።

ድፍረቱን ያገኘሁት ከፈረንሳዊው ዳይሬክተር ከአለን ሬኔ ነው። ሬኔ በ1943 ኢዴክ የሚባለው የፊልም ትምህርት ቤት ኤዲቲንግ ሊማር ገባ፣ ከዛ አጫጭር ዶክመንተሪ እየሰራ የሰውም ፊልም ኤዲት እያደረገ ብዙ አመት ቆይቶ ነው በ1959 የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሂሮሺማ ሞናሙርን ያወጣው። በመሀል አኜስ ቫርዳ፣ ያኔ ፎቶግራፍ አንሺ ናት እንጂ ፊልም ሰርታ አታውቅም፣ በ1954 ደቡብ ፈረንሳይ ሴት የምትባል የወደብ ከተማ (የከተማዋ ስም ነው) ሄዳ ላ ፑዋንት ኩርት የሚባለው የአሳ አጥማጆች ሰፈር ውስጥ ቀረጸችና ኤዲት አድርግልኝ አለችው። መጀመሪያ እምቢ አላት፣ ምክንያቱም የምትሞክረው ነገር እሱ ራሱ ሊሰራ ከሚያስበው ጋር በጣም ይቀራረብ ነበር። ኋላ ግን እሺ ብሎ ቁጭ ብሎ ሰራላት።

ያ ሁሉ ችሎታ ያለው ሰውዬ ሂሮሺማን ሲሰራ ግን ኤዲቲንጉን ለነአንሪ ኮልፒና ዣስሚን ሻስኔ ሰጠ። ኮልፒም በተራው ዳይሬክተር ሆኖ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙን ሲሰራ፣ እሱም ኤዲተር ሆኖ ሳለ፣ ለሻስኔ ሰጣት፣ ፊልሙ በ1961 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት ፓልም ዶርን ከስፔናዊው ዳይሬክተር ከቡኑኤል ፊልም ጋር ተካፈለ። ይሄን ድሮም አውቀው ነበር ግን አልገባኝም ነበር።

ባጠራቀምኩት ብር አንድ ካሜራማንና አንድ የድምፅ ሰው ይዤ እዛው ላ ፑዋንት ኩርት ሰፈር ሄድኩ፣ ስድስት ቀን። መረብ የሚጠግኑ ሽማግሌ አገኘን። ከኤዲቲንግ ይዤው የሄድኩት ነገር በጣም ጠቅሞኛል፣ ለምሳሌ በየቦታው ማንም ሳያወራ የቦታውን ድምፅ ብቻ አንድ ደቂቃ መቅዳት፣ እጃቸውን ለብቻ ማንሳት፣ ሲገቡና ሲወጡ ሙሉውን መያዝ ምናምን። ግን እየቀረጽኩ በጭንቅላቴ ኤዲት አደርግ ነበር፣ ሽማግሌው ተናግረው እንደጨረሱ እዚጋ ነው የምቆርጠው ብዬ ካት እላለሁ። ደሞ አንድ መልስ ድምፁ ስላልጣመኝ እባክዎ ይድገሙልኝ ስላቸው ዝም ብለው አዩኝና አንዴ ነግሬሃለሁ አሉኝ። ዘጠኝ አመት ሰውን ስክሪን ላይ ወደኋላ እየመለስኩ ሳይ ኖሬ ከፊቴ የተቀመጠ ሰው እንደዛ እንደማይመለስ ያን ቀን ነው የገባኝ።

ተመልሼ አምስት ወር ራሴ ኤዲት አደረግኩት፣ አስራ አንድ ቨርዥን። አንድ ጀልባ የሚገባበት ሾት ነበር፣ ሁለት ሰአት በብርድ ጠብቀን ያገኘነው፣ በየቨርዥኑ ቦታውን እቀይርለታለሁ እንጂ ማውጣት አልቻልኩም። ኤዲተር ጉልበቱ እኮ ቀረጻው ላይ አለመኖሩ ነው፣ ብርዱን አያውቅም፣ ስንት ሰአት እንደተጠበቀ አያውቅም፣ የሚያየው ስክሪኑ ላይ ያለውን ብቻ ነው፣ እኔ ደግሞ ያንን አይን ሴት ከተማ ስደርስ ነው የጣልኩት፣ ስለዚ ሃርድ ዲስኩን ለአንዲት የስራ ባልደረባዬ ሰጠኋት።

ጀልባውን በመጀመሪያው ቀን አወጣችው። ሁለተኛው ቀን ላይ ደወለችና ሰውየው ተናግረው ከጨረሱ በኋላ ምንድነው የሚያደርጉት፣ የትም ቦታ የለም እኮ አለችኝ። እውነቷን ነው፣ የለም፣ ሁሉም ላይ ካት ብያለሁ። ከሳምንት በኋላ ግን አንድ አገኘች፣ ነፋስ ስለነበር ካሜራማኑ ካት ስል አልሰማኝም፣ እኔ ደግሞ መጀመሪያው ትንሽ ስለሚንቀጠቀጥ ገና ሳልመርጠው ጥዬው ነበር። ሽማግሌው ወሬያቸውን ጨርሰው ክሩን በጥርሳቸው ይይዛሉ፣ ቋጠሮዎቹን በአውራ ጣታቸው አንድ በአንድ እየዳበሱ ይሄዱና አንዱ ጋ ይቆማሉ፣ ይፈቱታል፣ እንደገና ይቋጥሩታል። 47 ሰከንድ። ፊልሙ የሚያልቀው በሱ ነው፣ አንድም ፍሬም አልነካችውም።

አሁን ሁለተኛውን እየቀረጽኩ ነው። ሰው ተናግሮ ሲጨርስ ካት ከማለቴ በፊት በሆዴ እስከ ሃያ እቆጥራለሁ፣ ፉቴጁንም በየማታው ሳላየው ለሷ እልክላታለሁ።