2,500 ዓመት ገደማ የሆናት «አዲስ ከተማ»

ዛሬ በጣሊያኗ ኔፕልስ፣ ፒያሳ ቤሊኒ የሚባል አደባባይ ቡና ልጠጣ ቁጭ አልኩ። ከወንበሬ አጠገብ የብረት አጥር አለ። ጎንበስ ብዬ ሳይ፣ ከመንገዱ በታች የተጠረቡ ትልልቅ ድንጋዮች ተደርድረዋል። ለካ የጥንት ግሪኮች የከተማ ግንብ ነው! አንዱ የማያፍር የቢራ ጠርሙስ ወርውሮበታል።

ግሪኮቹ ከተማዋን ሲቆረቁሩ «ኔያፖሊስ» አሏት። አዲስ ከተማ ማለት ነው፤ ፓርቴኖፔ የምትባል አሮጊት ጎረቤት ከተማ ስለነበረቻት። እኔ እንኳ ትዝ ያለኝ መርካቶ ያለበት ክፍለ ከተማችን ነው። ስሙ ቁርጥ እሱ!

የድሮው ሰፈር ቀጥ ያሉ ጠባብ መንገዶች ዛሬም የግሪኮቹን መስመር እንደያዙ ናቸው። በአንዱ ሳልፍ ሞተር ሳይክል ለጥቂት ሳተኝ። ጋሪ ሲያልፍበት የኖረ መንገድ፣ ምን ይደረግ።

ቡናው ግን በሁለት ፉት አለቀ።