የሂሜዳ 1971

ሰሞኑን ከጭንቅላቴ አልወጣ ያለው አንድ ጃፓናዊ የካሜራ ባለሙያ ነው። ሺንሳኩ ሂሜዳ ይባላል። ከዳይሬክተሮቹና ከተዋንያኑ ጀርባ የቀረ ስም ነው፤ መቼስ የካሜራ ሰው ዕጣው ይኸው ነው።

በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶችም እንዲሁ) ኒካትሱ በተባለው የጃፓን ፊልም ስቱዲዮ ውስጥ ከዳይሬክተሩ ሾሄይ ኢማሙራ ጋር ይሠራ ነበር። ያ ጥቁርና ነጭ ምስል! ሰዎቹ ጠባብ ቤት ውስጥ ታጭቀዋል፤ ካሜራው አይፈርድባቸውም፣ አያዝንላቸውም፣ ዝም ብሎ ያያቸዋል። ቀጥሎ ጃፓን በአሜሪካ የባሕር ኃይል ሰፈር ላይ ያደረሰችውን የፐርል ሃርበሩን ጥቃት የሚተርከው «ቶራ! ቶራ! ቶራ!» መጣ። የጃፓንን ወገን ከቀረጹት አንዱ እሱ ነው። በዚህም ከባልደረቦቹ ጋር ለ1971ዱ ኦስካር ታጨ።

እዚያው ዓመት መገባደጃ ላይ ኒካትሱ መንገዱን ቀየረ። ቴሌቪዥን ተመልካቹን ነጥቆት ነበር። መውጫ ያደረገው «ሮማን ፖርኖ» የተባለውን የወሲብ ፊልም ነው፦ ለአዋቂ ብቻ፣ ከአንድ ሰዓት ትንሽ የሚዘል፣ በአነስተኛ በጀት በጥቂት ቀን ተቀርጾ የሚያልቅ። ብዙ ባለሙያዎች ስቱዲዮውን ጥለው ወጡ። ሂሜዳን ግን በ1972 ከዳይሬክተሩ ታትሱሚ ኩማሺሮ ጋር ይህንኑ ሲቀርጽ እናገኘዋለን።

«ወረደ» የሚል አይጠፋም። እኔ አይመስለኝም። ስቱዲዮው የሚፈልገው የወሲብ ትዕይንቱ በየመሀሉ እንዲገባለት ነው፤ ለቀረው ብዙም አይጨነቅም። ሕጉ ደግሞ ሁሉንም ማሳየት አይፈቅድም። ስለዚህ የካሜራማኑ ሥራ ግማሹ መሸፈን ነው፤ በመጋረጃ፣ በዕቃ፣ በሰው ትከሻ። ኩማሺሮና ሂሜዳ ሳይቆርጡ ረዘም አድርገው ይቀርጻሉ። ካሜራው ይንቀሳቀሳል፣ ሰዎቹን ይከተላል። ሲስቁ፣ ሲነጫነጩ፣ ሲሰለቻቸው ሁሉ እናያለን። ወሲቡን ለማየት የገባው ሰው ሳያስበው የሰው ኑሮ አይቶ ይወጣል።

አንድ ነገር ግን ይከነክነኛል። የካሜራ ሰው ዕቃውን ሸክፎ ወደ ሌላ ፊልም መሄድ ይችላል። ፊቷና ገላዋ የታየባት ተዋናይትስ? ለእሷ እንዲህ አይቀላትም። ስለ ሂሜዳ ነፃነት ሳወራ ይህን ብዘለው ደስ አይለኝም።

በ1979 እንደገና ከኢማሙራ ጋር «በቀል የእኔ ነው»ን ሠራ። የነፍሰ ገዳይ ታሪክ ነው፤ በጣም ቀዝቃዛ ፊልም። የኦስካሩ ሂሜዳ ብቻ ሳይሆን የኩማሺሮውም ሂሜዳ እዚያ ውስጥ ያለ ይመስለኛል። ቅዳሜ ደግሜ አየዋለሁ፤ አሁን ታሪኩን ትቼ ካሜራው የት እንደቆመ ብቻ።