ግንድ ላይ የበቀለውን እንጉዳይ ከሥሩ አይቼ እንዴት ለየሁት

ግንድ ላይ እንደ መደርደሪያ ወደ ጎን የሚወጣ፣ እንጨት የሚያህል ጠንካራ እንጉዳይ አለ። ሁላችንም የምናየው ከላይ ነው። ከላይ ደግሞ አብዛኛው ያው ነው፤ ግራጫ ወይም ቡናማ፣ ሻካራ። ወሬው ሁሉ ያለው ከሥሩ ነው።

ልቆርጠው ስላልፈለግኩ ትንሽ መስታወት ከሥሩ ያዝኩ። ታችኛው ገጽ ነጭ ነው። በማጉያ መነጽር ሲያዩት በጥቃቅን ቀዳዳዎች ተሞልቷል፤ በአንድ ሚሊሜትር ከ4 እስከ 6 ይሆናሉ። በጥፍሬ ጫር ሳደርገው ነጩ ወዲያው ቡናማ ሆነ። ሠዓሊዎች ሳይቀሩ ሥዕል የሚጭሩበት ለዚህ ነው። እዚህ ላይ ጋኖደርማ አፕላናተም የሚባለውን ጠረጠርኩ።

ከዚያ ነጭ ወረቀት ከሥሩ ዘርግቼ አሳደርኩ። ጠዋት ወረቀቱ ላይ ቡናማ ብናኝ ነበር። ይህ እንጉዳዩ እንደ ዘር የሚራባበት ስፖር ነው። ከላይ ሲያዩት የሚመሳሰለው ፎሜስ ፎመንታሪየስ የሚባለው ሌላ እንጉዳይ ቢሆን ኖሮ ብናኙ ነጭ ይሆን ነበር። የገረመኝ ግን ሌላ ነው፤ የእንጉዳዩ ጀርባም በዚያው ብናኝ ተሸፍኗል። ከታች የወጣው እንዴት ላይ ደረሰ? ስፖሩ እጅግ ቀላል ስለሆነ የአየር እንቅስቃሴ አንስቶ ላይ ያሳርፈዋል። ብዛቱማ አይጣል ነው፤ አንድ ትልቅ እንጉዳይ በቀን እስከ 30 ቢሊዮን ስፖር እንደሚለቅ ይገመታል።

እንጨቱንም አየሁት። ከበሰበሰው ቦታ ቆረስ ሳደርግ ነጣ ያለ፣ ለስላሳ፣ ክር ክር የሚል ነው። ይህ ፈንገስ ለእንጨት ጥንካሬ የሚሰጠውን ሊግኒንም የእንጨቱን ክር የሚሠራውን ሴሉሎስም ይበላል። ሴሉሎሱን ብቻ በልተው ሊግኒኑን የሚተዉ ሌሎች ፈንገሶች አሉ፤ እነሱ የበሉት እንጨት ቡናማ ሆኖ በአራት ማዕዘን ይሰነጣጠቃል። እንጉዳዩን መንቀል ዛፉን ያድናል ብላችሁ ግን አትድከሙ። ዋናው ፈንገስ ግንዱ ውስጥ ነው፤ ውጭ የሚታየው ስፖር መልቀቂያው ብቻ ነው።

አንድ የወደቀ ግንድ ላይ ደግሞ የእንጉዳዩ አሮጌ ክፍል ወደ ጎን ዞሯል፣ አዲሱ ግን ቀዳዳዎቹን ወደ መሬት መልሶ አድጓል። ይህ እንጉዳይ ለዓመታት ስለሚኖር ቀዳዳዎቹ ምንጊዜም ወደ ታች እንዲያዩ አድርጎ ያድጋል። ስለዚህ ይሄኛው የጀመረው ዛፉ ገና ቆሞ ሳለ ነው።