ከነፋስ የሚቀድም ጀልባ

ሚኒሶታ የምንኖር ሐበሾች የብርዱን ወራት የምናሳልፈው ባብዛኛው ከቤት ወደ መኪና፣ ከመኪና ወደ ሥራ እየሮጥን ነው፤ ረግቶ በረዶ በሆነ ሐይቅ ላይ መቆም፣ ያውም ለመዝናናት፣ የጤና አይመስለንም። እኔንም ኋይት ቤር ሐይቅ ላይ ያወጣኝ የሥራ ባልደረባዬ ውትወታ ነበር። እዚያ ያየሁት የበረዶ ጀልባ እሽቅድምድም ግን ብርዱን አስረሳኝ።

ጀልባው ጠባብ የእንጨት አካል፣ ተራዳና ሸራ ሲኖረው፣ በሦስት የብረት ስለቶች ላይ ይቆማል። በብዛት የሚታየው ዲኤን የተባለው ዓይነት ሲሆን ስሙን ያገኘው ከዲትሮይት ኒውስ ጋዜጣ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1937 አካባቢ በጋዜጣው የእጅ ሥራ ክፍል የተነደፈው ይህ ጀልባ 12 ጫማ ርዝመትና 60 ካሬ ጫማ ሸራ አለው። ተወዳዳሪዎቹ የማስጀመሪያው ባንዲራ ሲወርድ ሹል ጥርስ ባለው ጫማ በረዶውን እየቧጠጡ ጀልባውን ይገፋሉ፤ ሸራው ነፋስ ሲይዝ ዘለው በጀርባቸው ይንጋለሉበታል።

ከሁሉ የገረመኝ ጀልባው ከሚገፋው ነፋስ ሦስትና አራት እጥፍ መፍጠኑ ነው። ብረቱ በበረዶ ላይ የሚይዘው ነገር እምብዛም ስለሌለ፣ ጀልባው በሮጠ ቁጥር ከፊቱ የሚመጣበት ነፋስ ይበረታል፤ ሸራው ደግሞ ያንኑ ነፋስ መልሶ ጉልበት ያደርገዋል።

ባልደረባዬ ሁለት ሰው ጎን ለጎን የሚያስቀምጥ ናይት የሚባል ጀልባ ስላለው ከውድድሩ በኋላ አሳፈረኝ። መጀመሪያ ዝግ ብለን ተጓዝን፤ ሸራውን በሳበው ቁጥር ግን የብረቱ ፉጨት እየቀጠነ፣ ንዝረቱ እስከ ጥርሴ እየዘለቀ መጣ። ድንገት በእኔ በኩል ያለው ስለት ከበረዶው ተነሥቶ አየር ላይ ቀረሁ። «እመብርሃን!» ብዬ ስጮኽ የደስታ መስሎት ሸራውን ይበልጥ ሳበው፤ ስለቱ ተመልሶ መሬት ሲይዝ ደግሞ በእርግጥም እየሳቅሁ ነበር። ፍሬን ስለሌለው የሚቆመው አፍንጫውን ወደ ነፋሱ በማዞር ነው።

ይህ ሁሉ የሚሆነው ሐይቁ ከረጋ በኋላ ወፍራም አመዳይ ሳይጥልበት ባሉት ጥቂት ቀናት ነው፤ አንድ ሌሊት የጣለ አመዳይ ጨዋታውን ያቆመዋል። ስለዚህ አፍቃሪዎቹ ንጹሕ በረዶ ፍለጋ ከግዛት ግዛት ይነዳሉ። ውኃ ውስጥ ቢገቡ በረዶውን ቆንጥጠው የሚወጡበት ሹል ብረት አንገታቸው ላይ ያንጠለጥላሉ፤ ማየት የሚፈልግ የአገሬ ሰውም ያለ እሱ ባይወጣ ይሻላል።