በረዶ የሌለባት ካናዳ

ካናዳ ውስጥ ከዊኒፔግ ከተማ ወደ ብራንደን ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። በጥር ወር ከአጎቴ ልጅ ጋር ሄድንበት። ግራ ቀኙ ሜዳ፣ ሜዳውም ነጭ። ወደዚያ የሳበኝ ጄምስ ፍሪር የሚባል ገበሬ ታሪክ ነው።

ፍሪር በ1888 እ.ኤ.አ. ከእንግሊዝ መጥቶ ብራንደን አጠገብ እርሻ ያዘ። በኋላ ካሜራ ገዝቶ የስንዴ አጨዳውን፣ የነዶ ክምሩን፣ ዊኒፔግ የሚገባውን ባቡር ይቀርጽ ጀመር። በ1898 ፊልሞቹን ይዞ እንግሊዝ ዞረ። ድምፅ ስለሌላቸው ማብራሪያውን የሚሰጠው እሱ ራሱ ነበር። የደገፈው የካናዲያን ፓሲፊክ የባቡር ኩባንያ ነው። ኩባንያው ሐዲዱን ለመሥራት ከመንግሥት 25 ሚሊዮን ኤከር መሬት ተሰጥቶታል። ስለዚህ መሬቱን የሚገዛና እህሉን በባቡር የሚጭን ሰው ይፈልጋል። መንግሥትም በ10 ዶላር መመዝገቢያ 160 ኤከር ያድል ነበር። በእኛ ልክ ከአንድ ጋሻ ተኩል ይበልጣል! የትኛው ጭሰኛ ልቡ አይሸፍትም?

በ1902 ኩባንያው ጆ ሮዘንታል የተባለ እንግሊዛዊ ካሜራማን አገሩን እንዲቀርጽ አሰማራ። አንድ ነገር ግን በጥብቅ ተከለከለ፦ የበረዶ ወራት እንዳይታይ። በረዶ ያየ ገበሬ አይመጣማ።

ብራንደን ስንደርስ ከዜሮ በታች 31 ዲግሪ ነበር። ትንፋሼ ሽፋሽፍቴ ላይ በረዶ ሠራ። የአጎቴ ልጅ ከመኪናዋ አፍንጫ ሥር የተንጠለጠለውን ገመድ ጎትቶ ግድግዳው ላይ ያለው ሶኬት ላይ ሰካው። «ሞተሯ ሲሞቅ ካላደረ ጠዋት አትነሳም» አለኝ። ያን ጊዜ ያለ መብራት፣ በእንጨት ምድጃ ብቻ ከልጆቹ ጋር የከረመውን ሰው አሰብኩት። አንጀቴን በላው።

መሬቱም ባዶ አልነበረም። የአገሩ ነባር የሆነው የኦጂብዌ ሕዝብ በዚህ አካባቢ ከመንግሥት ጋር ውል የፈረመው በ1871 ነው፤ ፍሪር ከመምጣቱ 17 ዓመት ቀድሞ። «ነፃ መሬት» ሲባል የሰማ እንግሊዛዊ ይህን ከየት ያውቃል?

ማታ የአጎቴ ልጅ አገር ቤት የላካቸውን ፎቶዎች አሳየኝ። ሁሉም የሐምሌ ናቸው፦ ሣር፣ አበባ፣ ሐይቅ ዳር። ምንም አላልኩትም፤ እኔም የማደርገው ይህንኑ ነው። ታናሽ እህቱ ለመምጣት ፕሮሰስ ላይ ናት። የተሰካችውን መኪና ቪዲዮ ቀርፀን በቴሌግራም ላክንላት። እሱም ድምፁን ቀዳ፦ «እህቴ፣ ጃኬት ከመርካቶ እንዳትገዢ። እዚህ እኔ እገዛልሻለሁ። ስትመጪ ኤርፖርት ይዤልሽ እጠብቅሻለሁ።»