ዘጠና አምስት እርምጃ

ጥምቀት ሊደርስ ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ጎንደር ገባሁ። በማግስቱ ማለዳ አጎቴ "ተነሥ፣ ውኃው እየገባ ነው" ብለው ወደ ፋሲል መዋኛ ይዘውኝ ሄዱ። የቀሃ ውኃ በቦዩ እየተንፎለፎለ ይወርዳል፤ ገንዳው ግን ገና ቁርጭምጭሚት አይሞላም። አጎቴ የድንጋዩን አጥር ጨምድዶ የያዘውን የዋርካ ሥር ተደግፈው ቁልቁል ያያሉ። በወጣትነታቸው ምጽዋ ላይ ባሕረኛ ነበሩ፤ ውኃ ካዩ ዝም ማለት አይሆንላቸውም።

"ኦናሲስም መርከቡ ላይ መዋኛ ነበረው። ውኃው ይወጣና ወለሉ ከፍ ሲል የዳንስ መድረክ ይሆናል።"

"አንቱ አይተውታል?"

"በፎቶ ነዋ! እኛን ማን ያስገባናል?"

ክርስቲና የምትባለው ያቺ ያት፣ የኦናሲስ የመዝናኛ መርከብ፣ ስትሠራ ለቅንጦት አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1943 ካናዳ ውስጥ ውኃ የነካች ስቶርሞንት የተባለች የጦር ፍሪጌት ነበረች፤ አትላንቲክ ላይ የጭነት መርከቦችን አጅባለች፣ ኖርማንዲም ደርሳለች። ከጦርነቱ በኋላ የሚፈልጋት ጠፋ። ግሪካዊው የመርከብ ከበርቴ ኦናሲስ በ1954 በ34,000 ዶላር፣ በቁርጥራጭ ብረት ዋጋ ማለት ነው፣ ገዛት። ከዚያ 4 ሚሊዮን ዶላር ገደማ አፍስሶባት በሴት ልጁ ስም ጠራት። ቸርችል ተጋብዞባታል፤ የሞናኮው ልዑልና የግሬስ ኬሊ የሠርግ ግብዣም ተደርጎባታል። የቡና ቤቷ ወንበሮች ከምን ቆዳ እንደተሠሩ አጎቴ የነገሩኝ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ነው፤ ከዓሣ ነባሪ መሆኑን ብቻ ልጻፍ፣ የቱ የአካሉ ክፍል እንደሆነ ይቅር።

ኦናሲስ በ1975 ሲሞት ያቷ ዞራ ዞራ ለግሪክ መንግሥት ደረሰች። አርጎ ተብላ ዝገት ሲበላት ቆይታ በ1998 ሌላ ግሪካዊ ገዝቶ አሳደሳት። ዛሬ ክርስቲና ኦ ተብላ ትከራያለች።

አጎቴ ይህን ሁሉ የሚያወሩት ለሌላዋ መርከብ ሲሉ ነው። የእኛዋ "ኢትዮጵያ"ም የዚያው ጦርነት ልጅ ነበረች። በ1944 አሜሪካኖች ኦርካ ብለው ለባሕር አውሮፕላኖች ድጋፍ ያሰማሯት፣ በ1962 ለባሕር ኃይላችን የሰጧት፣ ዕጩ መኮንኖች የሠለጠኑባት። በ1991 ወደ የመን ሸሸች። ከሁለት ዓመት በኋላ ለቁርጥራጭ ተሸጠች። ለእሷ 34,000 ዶላር የሚያወጣ ኦናሲስ አልመጣም። አጎቴ ይህን ሲናገሩ ውኃውን እንጂ እኔን አላዩም።

በሦስተኛው ቀን ጎርጎራ ወረድን። ጣና ዳር አጎቴ ጫማቸውን አወለቁና እየቆጠሩ መራመድ ጀመሩ። ዘጠና አምስት ላይ ቆሙ።

"ይኸውልህ፣ ርዝመቷ ይህን ያህል ነበር።"

"የኦናሲስስ?"

"አራት ብቻ ጨምር።"

አራቱን ግን አልተራመዱም። ከፊታቸው ውኃ የጠጣ የደንገል ታንኳ ለፀሐይ ተገትሮ ነበር።