የእማዬ ወለል፦ አበላሽቼ እንዴት አስተካከልኩት

የእማዬን ሳሎን ወለል ሁለቴ ነው ያሠራሁት። የመጀመሪያው ጥፋት የራሴ ነው።

ቤታችን ድሬዳዋ፣ ሳቢያን ነው። የድሮው ወለል ሊሾ ነበር። እዚህም እዚያም ተሰነጣጥቆ ሲያስጠላኝ የእንጨት መልክ ያለው የፕላስቲክ ምንጣፍ ገዝቼ በማስቲሽ አስለጠፍኩበት። ሲያዩት ያምራል። ግንቦት ሲገባ ግን ጉዱ ፈላ። ፀሐይ የሚያርፍበት የመስኮቱ ጥግ ማስቲሹ ለቀቀና ምንጣፉ እንደ ሊጥ ኩፍ አለ። እማዬ ደግሞ ከምሳ በኋላ ወለሉ ላይ ጋደም ካላለች አይሆንላትም። ትንሽ ትቆይና "አቦ ላብ በላብ አደረገኝ!" ብላ ሰሌኗን ይዛ በረንዳ ትወጣለች።

ታላቅ እህቴ ስዊድን ናት። ስልክ ላይ ሳማርርባት ሳቀች። እሷ ያለችበት ሰው የሚጨነቀው ወለሉን ለማሞቅ ነው። መታጠቢያ ቤቷ ወለል ሥር ሙቅ ውሃ የሚዞርበት ቱቦ ተቀብሯል፤ ላዩ ሴራሚክ ነው። ሴራሚክ ከሥር የመጣውን ሙቀት ቶሎ ያሳልፋል አለችኝ። እንጨት ያዘገየዋል፤ ወፍራም ምንጣፍማ ያፍነዋል። ሳሎኗ እንጨት ስለሆነ የወለሉ ገጽ ከ27 ዲግሪ እንዳያልፍ ትጠነቀቃለች፤ አለዚያ እንጨቱ ይደርቅና ይከፋፈታል።

እኛ ጋ ማሞቂያውን ማን ፈልጎት? ግን ነገሩ ከነከነኝ። ሙቀት ቶሎ የሚያሳልፍ ነገር ከእግራችንም ቶሎ ይወስዳል ማለት ነው። ቁራጭ ሴራሚክና ቁራጭ ጣውላ አንድ ክፍል አሳደርኩ። ጠዋት እማዬን በባዶ እግሯ አስረገጥኳት።

"ይሄኛው ፍሪጅ ነው እንዴ ያደረው?" አለችኝ ሴራሚኩን።

ሁለቱም ያደሩት አንድ ቦታ ነው፤ ሙቀታቸውም እኩል ነው። ለካ ሊሾውም ያንኑ ሥራ ሲሠራ ኖሯል። የመሬቱን ቅዝቃዜ በፕላስቲክ የከደንኩት እኔው ነኝ።

ሴራሚክ ልገዛ ስሄድ የሚያብረቀርቀው ዓይኔን ሳበው። እማዬ ግን ወለል የምታጥበው ውሃ ደፍታ ነው። ናሙናው ላይ ውሃ አፍስሼ በጫማዬ ሶል አሸሁት። ባለሱቁ ገላመጠኝ፤ ቢሆንም እግሬ ሸርተት ሲል ዓይቻለሁ። የማያብረቀርቀውን፣ አቧራ የማያጎላ ቡናማ መረጥኩ።

ሒሳቡ ላይ ግን ተሸወድኩ። ክፍሉ 4 በ4 ነው፣ 16 ካሬ። 60 በ60 ሴራሚክ በካርቶን አራት ይገባል፤ 1.44 ካሬ ነው። 11 ካርቶን ወደ 16 ካሬ ስለሚጠጋ ይበቃል ብዬ ገዛሁ። ሲቆረጥ የሚባክነውንና የሚሰበረውን ረሳሁት። ከስፋቱ ላይ ቢያንስ አሥር በመቶ መጨመር ነበረብኝ። ሌላ ሁለት ካርቶን ስገዛ፣ ያው ሴራሚክ ሆኖ ቀለሙ ትንሽ ፈዘዝ ብሎ መጣ።

የድሮውን ማስቲሽ መፋቅ ብቻ ሁለት ቀን ፈጀ። ሠራተኛው ሲጨርስ እያንዳንዱን ሴራሚክ በሳንቲም አንኳኳሁ። ሦስቱ ባዶ ድምፅ ሰጡ፤ ከሥራቸው በደንብ አልሞላም። እያጉረመረመም ቢሆን አንስቶ መለሳቸው።

ቀለማቸው የፈዘዘውን ሰባቱን በግድግዳው በኩል አስደርድሬ ሶፋ ጫንኩባቸው። እማዬ በሁለተኛው ቀን አገኘቻቸው። ከመስኮቱ ስለሚርቁ ይቀዘቅዛሉ ብላ ሶፋውን ገፍታ አሁን የምትተኛው እዚያው ላይ ነው።